ዳታቤዙ አልነሳ ሲል፦ ከጅማ ደጋግመው የሚጠይቁኝ ነገሮች

ጅማ ውስጥ ለሱቅ፣ ለፋርማሲ፣ ለቡና አቅራቢ መጋዘን ትንንሽ ሰርቨር እተክላለሁ። ሲበላሹም የሚደወልልኝ ለኔው ነው። አብዛኞቹ ሰርቨር የሚል ማዕረግ የተሰጣቸው ያገለገሉ ዴስክቶፖች ናቸው። ኡቡንቱ የሚባለው ሊኑክስ ይጫንባቸዋል፣ ከዳታቤዝ ፕሮግራሞች ማይኤስኪውኤል ወይም ማሪያዲቢ ወይም ፖስትግሬስ ይገባባቸዋል፣ ከዚያ ጥግ ይዘው ይቀመጡና እስኪበላሹ ድረስ ማንም ዞር ብሎ አያያቸውም። ክረምት ገብቶ መብራቱ ሄድ መጣ ማለት ሲጀምር ስልኬ አያርፍም። ጥያቄው ሁሌም ያው ስለሆነ መልሱን አንድ ቦታ ላስቀምጠው ብዬ ነው።

ትዕዛዞቹን በአፋችን እንደምንጠራቸው ነው የጻፍኳቸው። ኪቦርድ ላይ ስትመቱ በላቲን ፊደል ነው።

መብራት ሄዶ መጣ። ኮምፒውተሩ በርቷል፣ ዳታቤዙ ግን የለም። ከየት ልጀምር?

መጀመሪያ እጃችሁን ከኪቦርዱ ላይ አንሱ። ቀልዴን አይደለም። እስካሁን ካየኋቸው ብልሽቶች የከፉት መብራቱ ከመጣ በኋላ ባሉት አስር ደቂቃዎች ውስጥ በሰው እጅ የተሠሩት ናቸው። ሪስታርት፣ እንደገና ሪስታርት፣ ፓኬጁን ነቅሎ መጫን፣ ዩቲዩብ ላይ የታየ ፋይል ማጥፋት። የቸኮለ አፍሶ ለቀመ ይባላል፤ እዚህ ግን አንዴ የፈሰሰው ላይለቀም ይችላል።

ከዚያ ሁኔታውን ጠይቁ፦ ሱዶ ሲስተምሲቲኤል ስታተስ ማይኤስኪውኤል። (ሱዶ ማለት በአስተዳዳሪው፣ በሩት መብት አድርግ ማለት ነው።) የጫናችሁት ማሪያዲቢ ከሆነ ስሙን ቀይሩት። እንደ ሮኪ ሊኑክስ ባሉት ላይ ደግሞ ማይኤስኪውኤል የሚለው መጨረሻው ላይ ዲ ይጨመርበታል። «ፌይልድ» የሚል ቀይ ቃል ይመጣል፣ ከሥሩም ጥቂት መስመሮች። እነዚያ መስመሮች ብዙ ጊዜ ሰርቪሱ መሞቱን ይነግሯችኋል፣ የገደለውን ግን አይነግሯችሁም። እሱ ያለው ሎጉ፣ ማለትም ፕሮግራሙ የሆነውን ሁሉ የሚመዘግብበት ፋይል ውስጥ ነው። ሱዶ ጆርናልሲቲኤል -ዩ ማይኤስኪውኤል -ቢ ብትሉ ኮምፒውተሩ ከበራ ወዲህ ያለውን ያወጣላችኋል። የዳታቤዙ የራሱ ሎግ ኡቡንቱ ላይ /ቫር/ሎግ/ማይኤስኪውኤል/ኤረር.ሎግ ነው።

ሎግ ሲነበብ ሰው ሁሉ የሚሳሳትበት አንድ ቦታ አለ። በቀጥታ ወደ መጨረሻው መስመር ይሄዳል። መጨረሻው «አቦርቲንግ» ይላል። እሱን ጎግል ያደርጋል፣ መዓት ገጽ ይመጣለታል፣ አንዱም የሱን ችግር አይመስልም። አቦርቲንግ ማለት በቃኝ ማለት ብቻ ነው፤ ምን እንዳስመረረው አይናገርም። ከታች ወደ ላይ ውጡና የመጨረሻው የመነሳት ሙከራ የጀመረበትን መስመር አግኙ። ከዚያ ወደ ታች ስትወርዱ መጀመሪያ የሚያጋጥማችሁን «ኤረር» ያዙ። ዋናው እሱ ነው። ከሱ በኋላ ያሉት ኤረሮች አብዛኛውን ጊዜ የሱ ልጆች ናቸው።

ሎጉ ላይ ያለው ሰዓት ከኛ ጋር አይገጥምም። ተበላሽቶ ነው?

ላይሆን ይችላል። ማይኤስኪውኤል ካልነካችሁት በስተቀር ኤረር ሎጉን በዩቲሲ (በዓለም አቀፉ መነሻ ሰዓት) ነው የሚጽፈው፣ እኛ ደግሞ ከዩቲሲ 3 ሰዓት እንቀድማለን። በዚያ ላይ የራሳችን አቆጣጠር አለ። አንድ ጊዜ ሄርማታ አካባቢ ያለ መጋዘን ሄጄ ጥበቃውን «ጋሼ፣ መብራት መቼ ተመለሰ?» አልኳቸው። «ከሌሊቱ 8 ሰዓት» አሉኝ፣ እርግጠኛ ሆነው። እኔም 02:00 ብዬ ሎጉን ባስስ ባስስ ምንም የለም። ለካ ሎጉ ውስጥ 23:00 ተብሎ ተቀምጧል፣ ያውም በትናንትናው ቀን። ግማሽ ሰዓት የተሳሳተ ገጽ ሳነብ ቆየሁ።

ጆርናልሲቲኤል የሚያሳየው የኮምፒውተሩን ሰዓት ነው። ማሪያዲቢም እንደዚያው። ማይኤስኪውኤልም እንደነሱ እንዲሆን ከፈለጋችሁ ሎግ_ታይምስታምፕስ የሚለውን ሲስተም አድርጉት። ኮምፒውተሩ ራሱ በተነሳ ቁጥር ዓመታት ወደ ኋላ የሚሄድ ከሆነ ግን ማዘርቦርዱ ላይ ያለችው ክብ ባትሪ አልቃለች። እሷን ቀይሩ፣ በቃ።

ዳታቤዙ አልተነሳም ወይስ እኔ ነኝ መግባት ያቃተኝ?

ጥሩ ጥያቄ ነው፣ ብዙ ሰው ሳይጠይቀው ያልፋል። ቁጥሩን እዩ። 1045 ካለ ሰርቨሩ ተነስቷል፤ የተጠቃሚ ስም ወይም ፓስዎርድ ነው የተሳሳተው። 2002 ካለ ወይ ሰርቨሩ አልተነሳም፣ ወይ ሶኬት የምትባለዋን ፋይል የተሳሳተ ቦታ ነው የምትፈልጉት። 1045 አይታችሁ ሰርቨሩን ነቅላችሁ እንዳትጭኑ።

«ኖ ስፔስ ሌፍት ኦን ዲቫይስ» ወይም ቁጥር 28 ይላል

ዲስኩ ሞልቷል። ይሄ ከምገምተው በላይ ይደጋገማል፣ በተለይ በቡና ሰሞን ከጥቅምት እስከ ታህሳስ ባለው ጊዜ፣ ሁሉም ሰው ቀኑን ሙሉ ሲመዘግብ በሚውልበት ወቅት።

አንዱ የኔ ጥፋት ነበር፣ ልንገራችሁ። እዚሁ ጅማ መርካቶ ለሚገኝ አንድ ቡና አቅራቢ በየሌሊቱ ባክአፕ የሚወስድ ስክሪፕት ጻፍኩ። በጣም ኮርቼበት ነበር። አሮጌውን ባክአፕ የሚያጠፋ መስመር ግን አልጨመርኩበትም፣ ባክአፑም የሚቀመጠው እዚያው ዲስክ ላይ ነው። ወራት አለፉ። አንድ ጠዋት ሰውዬው ደወሉ፦ «ልጄ፣ ኮምፒውተሩ በርቷል፣ መብራቱም አለ፣ ገበሬው ከነጆንያው ቆሟል፣ ይሄ ነገር ግን አልቀበልም አለኝ።» ሄጄ ዲኤፍ -ኤች ስል ከዋናው የዲስክ ክፍል ፊት ለፊት 100% ተጽፏል። ዳታቤዙን ያነቀው የገዛ ባክአፑ ነው።

እንዲህ ሲሆን መጀመሪያ ዲኤፍ -ኤች በሉ። ቦታ አለ ካለ ደግሞ ዲኤፍ -አይ በሉ። ቦታው ሳይሞላ የፋይል ብዛቱ ብቻ ሊሞላ ይችላል፣ ጥቃቅን ፋይል በሚያጠራቅሙ ፕሮግራሞች ላይ ይታያል። ሌላም አለ። የሊኑክስ የተለመደው ፋይል ሲስተም ኤክስት4 ሲሠራ ከቦታው 5% ለሩት ብቻ ይይዛል፣ ስለዚህ እናንተ በሩት ገብታችሁ ፋይል መጻፍ ትችላላችሁ፣ ማይኤስኪውኤል ግን በራሱ ተጠቃሚ ስለሚሄድ አንዲት ፊደል መጻፍ አይችልም። «እኔ እኮ ጽፌበታለሁ፣ አልሞላም» የሚለኝ ሰው ብዙ ጊዜ እዚህ ውስጥ ነው ያለው።

ቦታ ለማስለቀቅ ከዳታቤዙ ፎልደር ውጪ ካለው ጀምሩ። ሱዶ ኤፒቲ ክሊን አንድ ነገር ይለቃል። ሱዶ ጆርናልሲቲኤል --ቫኪዩም-ሳይዝ=200ኤም የሲስተሙን ሎግ ይቀንሳል። አሮጌ ባክአፕ ካለ ወደ ኤክስተርናል ገልብጡና ከዚያ አጥፉ። /ቫር/ሊብ/ማይኤስኪውኤል ውስጥ ገብታችሁ «ትልቅ ነው» ብላችሁ ምንም ነገር እንዳታጠፉ። እዚያ ብዙ ቦታ የሚይዘው ብዙ ጊዜ ባይናሪ ሎግ (የዳታ ለውጦች መዝገብ) ነው፤ ማይኤስኪውኤል 8.0 ላይ ሳትጠይቁት በርቶ ይመጣል፣ 30 ቀንም ያስቀምጣል። እሱም ቢሆን አርኤም በሚለው የማጥፊያ ትዕዛዝ አይጠፋም። በሌላ ቦታ ትንሽ አስለቅቃችሁ ሰርቨሩን አስነሱ፣ ከዚያ ውስጥ ገብታችሁ ፐርጅ ባይናሪ ሎግስ በሚለው ትዕዛዝ እሱ ራሱ እንዲያጠፋ አድርጉ።

«ፐርሚሽን ዲናይድ» ይላል፣ ቁጥር 13። እኔ እኮ ሱዶ ነው የምጠቀመው!

እናንተ ሱዶ ናችሁ፣ እሱ አይደለም። ኤልኤስ -ኤል /ቫር/ሊብ/ማይኤስኪውኤል በሉና የፋይሎቹን ባለቤት እዩ። ማይኤስኪውኤል ማይኤስኪውኤል ማለት ሲገባው መሀል ላይ ሩት ሩት የሚል ካለ አገኛችሁት። ብዙ ጊዜ የሚመጣው አንድ ሰው ፋይሎቹን በሱዶ ሲፒ ሲገለብጥ ወይም ሰርቨሩን በእጁ በሩት ሲያስነሳ ነው። ሱዶ ቻውን -አር ማይኤስኪውኤል:ማይኤስኪውኤል /ቫር/ሊብ/ማይኤስኪውኤል ይመልሰዋል። ማሪያዲቢም ቢሆን የተጠቃሚውና የፎልደሩ ስም ይሄው ነው።

እባካችሁ 777 (ማንም እንዲጽፍበት የሚፈቅደውን መብት) አትስጡ። ችግሩን አይፈታም፣ ይባስ ብሎ ሌላ ይወልዳል። ማይኤስኪውኤል ማንም ሊጽፍበት የሚችል የኮንፊግ ፋይል ሲያይ ዝም ብሎ ይዘለዋል፣ እናንተ ደግሞ «ለምን ያስተካከልኩትን አይሰማም» እያላችሁ ትውላላችሁ። ፖስትግሬስ ደግሞ ጭራሽ አይነሳም፤ የዳታ ፎልደሩ 0700 ወይም 0750 ካልሆነ ወይ ፍንክች።

ባለቤትነቱ ትክክል ሆኖ አሁንም ከከለከለ፣ ዳታውን ወደ ሌላ ዲስክ አዛውራችኋል? ኡቡንቱ ላይ አፕአርመር የሚባል ዘበኛ አለ። ማይኤስኪውኤል የተፈቀደለትን ፎልደር ብቻ እንዲነካ ያደርጋል። ሱዶ ዲሜሴጅ ብላችሁ «አፕአርመር ዲናይድ» የሚል ካያችሁ አዲሱን ፎልደር /ኢቲሲ/አፕአርመር.ዲ/ሎካል ውስጥ ባለው የማይኤስኪውኤል ፋይል ላይ ጨምሩና አፕአርመርን ሪሎድ አድርጉ። ሮኪ ሊኑክስ ባለበት በሬድሃት ቤተሰብ ውስጥ ዘበኛው ኤስኢሊኑክስ ነው፣ እዚያ ለአዲሱ ፎልደር በሴማኔጅ መለያ ሰጥቶ በሪስቶርኮን ማስፈጸም ነው። ሁለቱንም ዘበኞች አጥፍቶ መገላገል ይቻላል፣ ብዙዎች ያደርጉታል፣ እኔ ግን ሌባ ስላልመጣ ዘበኛውን እንደማባረር ነው የማየው። ማሪያዲቢ ደግሞ ሌላ ጠባይ አለው፤ ዳታውን /ሆም ስር ብታስቀምጡለት ሰርቪሶችን የሚያስነሳውና የሚያቆመው ሲስተምዲ ራሱ እዚያ እንዳይገባ ይከለክለዋል። ሌላ ቦታ አስቀምጡት።

ፖርቱ ተይዟል ይለኛል

ማይኤስኪውኤልና ማሪያዲቢ 3306 ላይ፣ ፖስትግሬስ 5432 ላይ ይቀመጣሉ። ሱዶ ኤስኤስ -ኤልቲኤንፒ በሉ፤ ወንበሩ ላይ የተቀመጠውን ከነስሙ ያሳያችኋል። ብዙ ጊዜ ሌላ ማይኤስኪውኤል ነው። ተማሪዎች ላፕቶፕ ላይ በተለይ ኤክስኤኤምፒፒ የሚባለው ጥቅል ከነዳታቤዙ ተጭኖ ይገኛል፣ ወይም ዶከር ውስጥ የተረሳ አንድ አለ። «አይቢዳታ1ን መቆለፍ አልቻልኩም፣ ኤረር 11» ካለም ነገሩ ያው ነው፤ ሌላ ፕሮሰስ ያንኑ ዳታ ይዞታል። የያዘውን ሳታዩ ኪል -9 (በግድ መግደያውን) አትላኩ። ምናልባት እሱ ነው ትክክለኛው፣ ሥራ ላይ ያለው።

ከዚሁ ጋር የሚምታታ አንድ አለ። «ይህን አድራሻ መያዝ አልቻልኩም» የሚል። ኮንፊጉ ውስጥ ባይንድ-አድሬስ (ዳታቤዙ የሚቀመጥበት የኔትወርክ አድራሻ) ላይ 192.168.1.20 ተብሎ ተጽፏል፣ በመሀል ራውተሩ ተቃጥሎ አዲስ ተገዛ፣ አዲሱ ራውተር ለኮምፒውተሩ ሌላ አድራሻ ሰጠው። ዳታቤዙ የሌለ ቤት በር ላይ ቆሞ ያንኳኳል። አድራሻውን ቋሚ አድርጉ ወይም ኮንፊጉን አስተካክሉ።

ሎጉ ምንም አይልም፣ ዝም ብሎ ይሞታል

ሜሞሪ ጠርጥሩ። ሜሞሪ ሲያልቅ ከርነሉ አንዱን መርጦ ይገድላል፣ ዳታቤዝ ደግሞ ብዙ ስለሚበላ መጀመሪያ ዓይን ውስጥ የሚገባው እሱ ነው። የተገደለ ሰው የራሱን መርዶ አይጽፍም፣ ስለዚህ የዳታቤዙ ሎግ ውስጥ ምንም አታገኙም። ሱዶ ዲሜሴጅ -ቲ ብላችሁ «አውት ኦፍ ሜሞሪ» እና «ኪልድ ፕሮሰስ» የሚሉትን ፈልጉ።

ብዙ ጊዜ ጥፋቱ ኢኖዲቢ_በፈር_ፑል_ሳይዝ፣ ማለትም ዳታቤዙ ለዳታው የሚይዘው የሜሞሪ መጠን ነው። ሳይነካ 128 ሜጋባይት ነው። አንዱ ኢንተርኔት ላይ «ከራማችሁ 80% ስጡት» የሚል አንብቦ 4 ጊጋ ራም ያለው፣ ዴስክቶፕም ብሮውዘርም ፒኤችፒም የሚሄድበት ማሽን ላይ 3 ጊጋ ይሰጠዋል። ያ ምክር ዳታቤዝ ብቻ ለሚሠራ ማሽን ነው። 1 ጊጋ ስጡት፣ ቢቸግር 512 ሜጋ። ስዋፕ (ራም ሲያጥር የሚያግዝ የዲስክ ቦታ) ከሌላችሁም 2 ጊጋ ጨምሩ፤ ፍጥነት አይሰጥም፣ ድንገተኛ ሞት ግን ይቀንሳል።

ኮንፊግ ነካክቼ ነበር…

ይታወቃል። «አንኖውን ቫሪያብል» የሚል መስመር ካለ የማያውቀውን ቃል ጽፋችሁለታል። የተለመደው ከድሮ ፋይል የተገለበጠ ክዌሪ_ካሽ_ሳይዝ ነው። ማይኤስኪውኤል 8.0 ክዌሪ ካሽን ጨርሶ አውጥቶታል፣ ማሪያዲቢ ላይ ግን አሁንም አለ፣ ስለዚህ ያው ፋይል አንዱ ላይ ይሠራል፣ አንዱን ይገድላል። ከ8.0.16 ወዲህ ማይኤስኪውኤልዲ --ቫሊዴት-ኮንፊግ ብትሉ ሳይነሳ ፋይሉን ይመረምርላችኋል።

ደግሞ ከቴሌግራም ትዕዛዝ ስትገለብጡ ተጠንቀቁ። ሁለቱ ሰረዞች አንዳንዴ ወደ አንድ ረጅም ሰረዝ ይቀየራሉ። በዓይን አይለይም፣ ሊኑክስ ግን ይለየዋል። ከአጋሮ የደወለ አንድ ልጅ ጋር ሦስት ጊዜ ሙሉ ትዕዛዙን በስልክ አነበብነው፣ ትክክል ነው፣ አይሠራም። በእጁ እንዲጽፈው ሳደርግ ሠራ።

መብራት በድንገት ነው የሄደው። ዳታዬ ተበላሽቷል ማለት ነው?

ብዙ ጊዜ አልተበላሸም። ይሄን በረጋ መንፈስ ስሙኝ። ማይኤስኪውኤልና ማሪያዲቢ ውስጥ ዳታውን የሚያስቀምጠው ክፍል ኢኖዲቢ ይባላል፣ የተሠራውም ይህ እንደሚመጣ ታውቆ ነው። እያንዳንዱን ለውጥ ወደ ዋናው ፋይል ከማስገባቱ በፊት ሪዱ ሎግ የሚባል ማስታወሻ ላይ ይጽፈዋል። መብራት ሄዶ ሲመለስ ማስታወሻውን ያነብባል፣ ያልገባውን ያስገባል፣ ያላለቀውን ይመልሳል። ሎጉ ላይ «ክራሽ ሪከቨሪ» የሚል ስታዩ ሰርቨሩ ሥራውን እየሠራ ነው ማለት ነው።

ሰው ግን መጠበቅ አይችልም። ሪከቨሪው አምስት ደቂቃ ሲፈጅ «ተሰቅሏል» ብሎ ሶኬቱን ይነቅላል። ከዚያ እንደገና ከመጀመሪያው። ቶፕ ብላችሁ ፕሮሰሱ ሲፒዩ እየበላ ከሆነ ወይም የዲስኩ መብራት ብልጭ ብልጭ ካለ ተዉት፣ አንድ ስኒ ቡና ጠጡ። ጅማ ላይ ይሄ አይቸግርም። አንዳንዴ ግን ትዕግስት የሚያጣው ሲስተምዲ ነው። ማንም ካልቀየረው 90 ሴኮንድ ብቻ ጠብቆ ይገድለዋል። የዳታቤዝ ፓኬጆች ብዙውን ጊዜ ከፍ አድርገው ይመጣሉ፣ ሎጉ ላይ «ታይምአውት» የሚል ካያችሁ ግን በሱዶ ሲስተምሲቲኤል ኤዲት ገብታችሁ ታይምአውትስታርትሴክ የሚለውን አስረዝሙት።

ሌላው ከመብራት በኋላ የሚመጣ ነገር ዳታቤዙን ጨርሶ አይመለከትም። ሊኑክስ ፋይል ሲስተሙ ላይ ስህተት ካየ ራሱን ለመጠበቅ ወደ ማንበብ ብቻ ይቀይረዋል። «ሪድ-ኦንሊ ፋይል ሲስተም» የሚል ካለ ፋይል ሲስተሙን የሚጠግነው ኤፍኤስሲኬ ያስፈልጋል፣ እሱም ያ የዲስክ ክፍል ሥራ ላይ በማይሆንበት ሰዓት፣ ለምሳሌ በፍላሽ ተነስቶ። ዲሜሴጅ ላይ «አይ/ኦ ኤረር» ከተደጋገመ ደግሞ ዲስኩ ራሱ እየሞተ ነው። ያኔ ዳታቤዙን ለማስነሳት አትታገሉ። የቀረውን ዳታ ቶሎ ወደ ሌላ ዲስክ አውጡ።

አይቢዳታ1ን አጥፋው ይነሳል ብለውኛል። ላጥፋ?

አታጥፉ! ቢነሳ እንኳ ባዶ ቤት ይዞ ነው የሚነሳው።

ይሄ ምክር ከየት እንደመጣ አይገባኝም፣ ግን አይሞትም። አይቢዳታ1 የኢኖዲቢ ዋና መዝገብ ነው። እሱን ስታጠፉ የቀሩት የቴብል ፋይሎች ፎልደሩ ውስጥ ተቀምጠው ይታያሉ፣ መጠናቸውም አለ፣ ሰርቨሩ ግን የኔ ናቸው አይልም። አንዲት ፋርማሲ ያለች እህታችን ጋ የደረስኩት ይሄ ከተደረገ በኋላ ነበር። ያጠፋው ልጅ በቅንነት ነው፣ ሰርቨሩ አረንጓዴ ሲሆንለት ደስ ብሎት ሄዷል። እሷ ስትከፍተው አንድም መድኃኒት የለም። የዳነችው ከሦስት ሳምንት በፊት የተወሰደ ባክአፕ ፍላሽ ላይ ስለነበራት ነው፤ ሦስቱን ሳምንት ከደረሰኝ ቀሪ ላይ ቁጭ ብላ በእጇ መለሰችው። ሪዱ ሎጉን ማጥፋትም እንደዚያው ነው። ድሮ አይቢ_ሎግፋይል የሚባሉት ናቸው፣ ከ8.0.30 ወዲህ ኢኖዲቢ_ሪዱ የሚል ፎልደር ውስጥ ገብተዋል።

ስለዚህ ምንም ከመንካታችሁ በፊት ሰርቪሱን አቁሙና ፎልደሩን በሙሉ ወደ ሌላ ዲስክ ገልብጡ፣ በሲፒ -ኤ፣ ባለቤትነቱ እንዳይጠፋ። ከዚያ በኋላ ብትሳሳቱም መመለሻ አላችሁ።

ኮፒው ካላችሁ፣ ሎጉም በግልጽ ኮረፕሽን (ዳታው ተበላሽቷል) የሚል ከሆነ፣ ቀጣዩ ኢኖዲቢ_ፎርስ_ሪከቨሪ ነው። ከ1 እስከ 6 ይሄዳል። በ1 ጀምሩ። ካልተነሳ 2፣ ከዚያ 3። 4 እና ከዚያ በላይ ዳታውን እስከመጨረሻው ሊያበላሹ ስለሚችሉ በኮፒው ላይ ብቻ ሞክሩ። በማንኛውም ቁጥር ሲነሳ ሥራ ለመቀጠል አይደለም፣ መጻፍም ይከለክላል። በማይኤስኪውኤልደምፕ ዳታውን ማውጫ ዕድል ነው የሰጣችሁ። አውጡ፣ አዲስ ንጹሕ ዳታቤዝ አዘጋጁ፣ እዚያ መልሱ። «ተነስቶልኛል እኮ» ብሎ በ3 ለወራት የተወ ሰው አይቻለሁ፤ ምንም አይመዘገብለትም፣ ለምን እንደሆነም አያውቅም።

ማሪያዲቢ ላይ «ባድ ማጂክ ሄደር ኢን ቲሲ ሎግ» ካለ ደግሞ ቀለል ይላል። ኮፒ ካደረጋችሁ በኋላ ቲሲ.ሎግ የሚለውን ፋይል ከፎልደሩ አውጥታችሁ ሌላ ቦታ አስቀምጡና አስነሱ።

የኔ ፖስትግሬስ ነው። ስታተስ «አክቲቭ» ይላል፣ ግን አይሠራም!

ኡቡንቱና ዴቢያን ላይ ያ «አክቲቭ» ያታልላል። ከጎኑ «ኤግዚትድ» የሚል አለ፣ አያችሁት? ያ ሰርቪስ ጃንጥላ ነው፤ ትክክለኛው ከሥሩ ነው ያለው። ፒጂ_ኤልኤስክላስተርስ በሉ። እዚያ «ዳውን» የሚለው እውነቱ ነው። ሎጉ /ቫር/ሎግ/ፖስትግሬስኪውኤል ውስጥ ነው።

«ፖስትማስተር.ፒአይዲ አለ» ካለ አጥፉት የሚል ምክር ትሰማላችሁ። ብዙ ጊዜ ፖስትግሬስ ራሱ አሮጌውን ለይቶ ያልፈዋል። ካላለፈ መጀመሪያ ፋይሉ ውስጥ ያለውን ቁጥር በፒኤስ ፈልጉ፤ እውነት ፖስትግሬስ እየሄደ ከሆነና ፋይሉን አጥፍታችሁ ሁለተኛ ካስነሳችሁ ሁለቱ አንድ ዳታ ላይ ይጽፋሉ፣ ከዚያ በኋላ አልቅሱ። ፒጂ_ዋል የሚለውን ፎልደርም ስሙ ሎግ ስለሚመስል ቦታ ለማስለቀቅ የሚያጠፉ አሉ። ሎግ አይደለም። የዳታው አካል ነው።

ኡቡንቱን ከ20.04 ወደ 22.04 ካሳደጋችሁ በኋላ የመጣ ከሆነ የፖስትግሬስ ስሪት ከ12 ወደ 14 ሄዷል። 14 የ12ን ዳታ እንዳለ አይከፍትም። ዳታችሁ አልጠፋም፣ በ12 ፎልደር ውስጥ አለ። ፓኬጁን እስካልነቀላችሁ ድረስ ሁለቱ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ፣ አዲሱም ብዙ ጊዜ 5433 ላይ ይሆናል። ፒጂ_አፕግሬድክላስተር የሚለው ነው የሚያሻግረው፣ ባዶውን አዲሱን ክላስተር (የ14ን የዳታ ክፍል) መጀመሪያ ሰርዛችሁ። ባዶ መሆኑን ግን ሁለት ጊዜ አረጋግጡ።

«ስታርት ሪክዌስት ሪፒትድ ቱ ክዊክሊ»

ደጋግማችሁ ስላስነሳችሁት ሲስተምዲ ሰልችቶታል። ምክንያቱን ካስተካከላችሁ በኋላ ሱዶ ሲስተምሲቲኤል ሪሴት-ፌይልድ ማይኤስኪውኤል በሉና አስነሱ። ካላስተካከላችሁ ይሄን ማለት ጥቅም የለውም።

እንዳይደገም ምን ላድርግ?

ዩፒኤስ ግዙ የሚለውን ሁሉም ያውቃል። የማይታወቀው ዩፒኤሱ ከኮምፒውተሩ ጋር በዩኤስቢ መነጋገር እንዳለበት ነው። ናት የሚባል ፕሮግራም ጫኑ፤ ባትሪው ሊያልቅ ሲል ሰርቨሩን በሥርዓት ያጠፋዋል። አለበለዚያ ዩፒኤሱ የሚያደርገው ብልሽቱን በጥቂት ደቂቃ ማዘግየት ብቻ ነው፣ በተለይ ሌሊት ማንም በሌለበት።

ባዮስ ውስጥ ደግሞ መብራት ሲመለስ ኮምፒውተሩ ራሱ ይነሳ የሚል ምርጫ አለ። እኔ አጠፋዋለሁ። እዚህ መብራት ሲመለስ ሁለት ሦስቴ ብልጭ ድርግም ብሎ ነው የሚረጋው፣ ሰርቨሩ በእያንዳንዷ ብልጭታ ሪከቨሪ መሀል እየተቆረጠ ይነሳል። ጠዋት የመጣ ሰው ይክፈተው።

ባክአፑ እዚያው ዲስክ ላይ አይሁን (ከላይ የነገርኳችሁን አስታውሱ)። አሮጌውን የሚያጠፋ መስመር ይኑረው። አንድ ቀን ደግሞ ባክአፑን ሌላ ማሽን ላይ መልሳችሁ ክፈቱት። ኢኖዲቢ_ፍላሽ_ሎግ_አት_ቲአርኤክስ_ኮሚት የሚለውን «ያፈጥናል» ብሎ 0 ወይም 2 ያደረገላችሁ ሰው ካለ ወደ 1 መልሱት፤ በ2 መብራት ሲሄድ የመጨረሻዋ አንድ ሴኮንድ ገደማ ምዝገባ ሊጠፋ ይችላል፣ የቡና ሚዛን ላይ ደግሞ አንድ ሴኮንድ አንድ ጆንያ ነው።

ሁሉንም ሞከርኩ፣ አቃተኝ። ምን ልላክልህ?

የስክሪኑን ፎቶ አትላኩ። ጆርናልሲቲኤል -ዩ ማይኤስኪውኤል -ቢ --ኖ-ፔጀር > ሎግ.ቲኤክስቲ ብላችሁ ፋይሉን ላኩልኝ፣ ኤረር.ሎግንም ጨምሩ፣ የዲኤፍ -ኤች ውጤትንም። ከዚያ በፊት የነካችሁትን ነገር ሁሉ ጻፉልኝ፣ ሳትደብቁ፣ አልቆጣም። ባለፈው ሳምንት አንዱ አስራ አንድ ፎቶ ላከልኝ፤ አስሩ የ«አቦርቲንግ» ናቸው፣ አስራ አንደኛው ላይ ትክክለኛው መስመር ነበረ መሰለኝ፣ የስልኩ ፍላሽ ልክ እሱ ላይ አርፎበታል።